የቡናው መዝገብና ቁልፉ፦ ምሥጠራ ምን ያረጋግጣል፣ ምንስ አያረጋግጥም?



የምሥጠራና የኮምፒዩተር ደኅንነት ትምህርት ሲነሣ የብዙዎቻችን ሐሳብ ወደ ባንክ፣ ወደ ጦር ሠራዊትና ወደ ስለላ ይሄዳል። እኔ ዛሬ ይህን የትምህርት መስክ ከሚዛን ተፈሪ እስከ ቴፒ በመንገዳችን ግራና ቀኝ ከምናየው ቡና ጋር አያይዤ ላቀርበው እወዳለሁ። ገዥዎች ዛሬ ከቡናው ጋር መረጃም እየጠየቁ ነው፤ የመረጃው ተአማኒነት ደግሞ በቀጥታ የእኛን ሙያ ይመለከታል።

የአውሮፓ ኅብረት እ.ኤ.አ. በ2023 ያወጣው የደን ምንጣሮን የሚከላከል ደንብ፣ ወደ ገበያው የሚገባ ቡና ከዲሴምበር 31 ቀን 2020 በኋላ ደኑ ከተመነጠረ መሬት ያልመጣ መሆኑ እንዲረጋገጥ ያዛል። የሚተገበርበት ጊዜ ከአንድ ጊዜ በላይ ቢራዘምም መሠረታዊ ጥያቄው አልተለወጠም፤ ቡናው የበቀለበት ማሳ በኬክሮስና በኬንትሮስ መመዝገብ አለበት። ከ4 ሄክታር በላይ ለሆነ የቡና ማሳ ዙሪያው፣ ከዚያ ላነሰው አንድ ነጥብ ይመዘገባል። ቡና በደን ጥላ ሥር በሚበቅልባቸው በሸካ፣ በቤንችና በካፋ ይህ መዝገብ እንደ ቀላል የሚታይ አይደለም። መዝገቡ ከተዛባ፣ አንዲት ዛፍ ያልቆረጠ አርሶ አደር ገበያ ሊያጣ ይችላል።

ለዚህ ችግር ምሥጠራ ሁለት መሣሪያዎችን ያቀርባል። አንደኛው ሃሽ ነው፤ ማንኛውንም ጽሑፍ ተቀብሎ ርዝመቱ የማይለዋወጥ አሻራ ያወጣል። በስፋት የሚሠራበት «ሻ-256» የሚያወጣው አሻራ 256 ቢት ነው፤ ከመዝገቡ አንድ አኃዝ ቢነካ አሻራው ፈጽሞ ሌላ ይሆናል። ሁለተኛው ዲጂታል ፊርማ ነው። ዲፊና ሄልማን እ.ኤ.አ. በ1976 ባሳተሙት ጽሑፍ ሐሳቡን አስተዋወቁ፤ ፈራሚው ለራሱ ብቻ በያዘው የግል ቁልፍ ይፈርማል፣ ሌላው ሁሉ ለሕዝብ በተገለጠው ቁልፍ ያረጋግጣል። በአገራችንም የኤሌክትሮኒክ ፊርማ አዋጅ ቁጥር 1072/2010 ለእንዲህ ዓይነቱ ፊርማ ሕጋዊ ዕውቅና ሰጥቷል። ሰብሳቢው፣ ማኅበሩና ላኪው እያንዳንዳቸው የተረከቡትን መዝገብ ከቀዳሚው አሻራ ጋር አያይዘው ቢፈርሙ፣ በመሐል የተለወጠ ነገር ወዲያው ይታወቃል።

ተማሪዎቼ ከሁሉ አስቀድመው እንዲለዩት የምሻው ልዩነት እዚህ ላይ ነው። ምሥጠራ መዝገቡ ከተፈረመ በኋላ እንዳልተነካ ይነግረናል፤ ሲጻፍ እውነት እንደነበረ ግን አይነግረንም። የሦስት ቤተሰብ እሸት ቡና በአንድ ጆንያ ተቀላቅሎ በአንድ ማሳ ስም ቢመዘገብ፣ ፊርማው እንከን የለሽ ሆኖ ሐሰቱን ይጠብቃል። ብሎክቼይንም ቢሆን ከዚህ አያድነንም። ስለዚህ የደኅንነት ባለሙያ ጥናቱን መጀመር ያለበት እሸቱ ከሚመዘንበት ሥፍራ ነው።

ቀጥሎ የስም ጉዳይ አለ። የፊደላችን ሞክሼ ሆሄያት ለኮምፒዩተር የተለያዩ ቁጥሮች ናቸው። «ፀሐይ» የሚለውን ስም በ«ፀ» ወይም በ«ጸ»፣ ቀጥሎም በ«ሐ»፣ በ«ሀ» ወይም በ«ኀ» እየለዋወጥን ብንጽፈው ቢያንስ ስድስት አጻጻፍ እናገኛለን። ለአንባቢ አንድ ሰው ናቸው፤ ለሃሽ ግን ስድስት የተለያዩ ሰዎች። የዩኒኮድ መደበኛ የማስተካከያ ሕጎችም እነዚህን ሆሄያት አንድ አያደርጓቸውም፤ በግእዝ የየራሳቸው ቦታ ያላቸው ፊደላት ናቸውና። ከመፈረም በፊት ስሙ እንዴት ወጥ ይሁን? ወጥ ስናደርገውስ በእርግጥ የተለያዩ ሁለት ሰዎችን እንዳናዋህድ ምን እናድርግ? ይህ ፊደሉን የሚያውቅ ተመራማሪ ሊመልሰው የሚገባ ጥያቄ ነው።

ሦስተኛው ምሥጢርን መጠበቅ ነው። ደንቡ ለማሳው ነጥብ ቢያንስ ስድስት የአሥርዮሽ አኃዝ ይጠይቃል፤ ይህም በመሬት ላይ ወደ 11 ሳንቲ ሜትር የሚጠጋ ጥራት ነው። ከስም፣ ከስልክና ከሽያጭ መጠን ጋር ሲያያዝ የአንድን ቤተሰብ ሀብትና መኖሪያ ያሳያል። የግል ዳታ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 የሚመለከተውም እንዲህ ዓይነቱን መረጃ ነው። «ስልኩን በሃሽ ቀይረነዋል፤ ስለዚህ ተደብቋል» የሚል መልስ ብዙ ጊዜ እሰማለሁ። እስቲ እናስላ። የሞባይል ቁጥሮቻችን በ09 ወይም በ07 ይጀምራሉ፤ የሚቀሩት ስምንት አኃዞች ናቸው። ሁሉም በአንድነት ከ200 ሚሊዮን አይበልጡም። ተራ ላፕቶፕ ይህን ሁሉ በአጭር ጊዜ ሞክሮ ባለቤቱን ያገኛል። ሃሽ ጠንካራ ቢሆንም የሚደበቀው ነገር ጥቂት አማራጭ ብቻ ካለው ምሥጢር አይጠበቅም፤ የግድ ምሥጢራዊ ቁልፍ መጨመር ያስፈልጋል።

ቁልፍ ካልን ደግሞ ማን ይያዘው? ከርክሆፍስ እ.ኤ.አ. በ1883 እንዳስተማረው፣ የአንድ ሥርዓት ደኅንነት በአሠራሩ መደበቅ ላይ ሳይሆን በቁልፉ ምሥጢራዊነት ላይ ይመሠረት። በእኛ አካባቢ ግን አንድ ስልክ የቤተሰብ ሁሉ ሊሆን ይችላል፤ ይጠፋል፣ ይሸጣል፣ ባትሪው ያልቃል። ቁልፉን ሰብሳቢው በአርሶ አደሩ ስም ከያዘው፣ በሒሳብ ረገድ የአርሶ አደሩ ፊርማ የሰብሳቢው ፊርማ ሆነ ማለት ነው። ክርክር በተነሣ ጊዜ ደካማው ወገን ባልፈረመው ነገር ይጠየቃል። የጠፋ ቁልፍ የሚሻርበትና የሚተካበት ሥርዓት ከፊርማው ስሌት እኩል ትምህርት ይገባዋል።

ከዚህ ሁሉ ለመምህራንና ለተመራቂዎች ሦስት ሐሳቦችን አቀርባለሁ። የምሥጠራ ኮርስ ሒሳቡን ሳያቃልል ከእያንዳንዱ ስሌት ጋር «ይህ ምን አያረጋግጥም?» የሚል ጥያቄ ይጨምር። የመመረቂያ ጥናቶች ኔትዎርክ ሲቋረጥ የሚሠራ ፊርማን፣ የሞክሼ ሆሄያትን አያያዝና የቁልፍ ጥበቃን ይመርምሩ። የኮምፒዩተር መምህራን ከግብርናና ከሕግ ባልደረቦቻቸው ጋር አብረው ያስተምሩ።

በጥሩ ሁኔታ የተሠራ መዝገብ አርሶ አደሩ «ይህ ቡና የእኔ ነው፤ ደኔንም አልነካሁም» ብሎ በሩቅ አገር ገበያ እንዲመሰክር ያስችለዋል። በግዴለሽነት የተሠራው ደግሞ እርሱ ሊያነበው በማይችል ቋንቋ ይመሰክርበታል። ከሁለቱ የትኛው እንደሚሆን የሚወስኑት መዝገቡን የሚሠሩት ሰዎች ናቸው፤ ከእነርሱም ብዙዎቹ ዛሬ በዚህ አዳራሽ ተቀምጠዋል።