ሁለቱ ሱልጣን ኢብራሂሞች

ማዳም «ዛሬ ሱልጣን ኢብራሂም ነው» ስትል፣ ሹፌሩ ከገበያ ይዞት የሚመጣው ከሁለት የተለያዩ ዓሦች አንዱ ሊሆን ይችላል። ስማቸው አንድ ነው፣ ሁለቱም ትናንሽና ቀላ ያሉ ናቸው፣ ወገናቸው ግን ለየቅል ነው። «ያዘዝኩት ይህን አይደለም» ወይም «ለምን ፈረሰ?» የሚለው ቁጣ ደግሞ ዓሣውን የመረጠውን ሰው ትቶ የጠበሰችውን ያገኛታል።

አንደኛው ባለ ጺሙ ነው። እንደ አገራችን አምባዛ አፉ አካባቢ ጺም አለው፤ የዚህኛው ግን ሁለት ብቻ ነው፣ ከአገጩ ሥር። ሲዋኝ አጥፎ ስለሚደብቃቸው፣ ገበያ ላይም ላይታዩ ስለሚችሉ፣ አገጩን በጣት ገለጥ አድርጎ ማየት ነው። ጺሙ እየዳሰሰም እየቀመሰም አሸዋ ውስጥ የተደበቀ ትልና ትንንሽ ሩብያን ያገኝለታል። አሸዋውን ሲቆፍር ሌሎች ዓሦች ያመለጠውን ሊለቅሙ ይከተሉታል፤ በእርሻ ወቅት በሬ ተከትለው ትል የሚለቅሙትን ወፎች ያየ ሰው ነገሩ ይገባዋል።

ከዚህ ወገን አንዱ የቀይ ባሕርና የኤደን ባሕረ ሰላጤ ተወላጅ ነው። ከአፉ በዓይኑ በኩል ወደ ኋላ የሚሄድ ጥቁር መስመር፣ ጅራቱ ሥር ጥቁር ነጥብ፣ ቢጫ ጅራት አለው። ሳይንሳዊ ስሙ የተሰጠው ለስዊድናዊው ተመራማሪ ፒተር ፎርስኮል መታሰቢያ ነው። ፎርስኮል የቀይ ባሕርን ዓሦች ሲመዘግብ ቆይቶ በ1763 እ.ኤ.አ. የመን ውስጥ በወባ ሞተ፤ ገና 31 ዓመቱ ነበር።

ሁለተኛው ጺም የለውም። ሮዝ መልክ ሆኖ ጎኑ ላይ ቢጫ መስመሮች አሉት፤ የጅራቱ የላይኛው ጫፍ እንደ ክር ይረዝማል። ክሩ በመንገድ ሊቆረጥ ስለሚችል ከጅራቱ ይልቅ አገጩን ማመን ይሻላል። ባሕረ ሰላጤው ላይ ሱልጣን ኢብራሂም ሲባል ብዙ ጊዜ ይኸኛው ነው።

ልዩነቱ መጥበሻው ላይ ይታያል። ባለ ጺሙ ሥጋው ጠንከር ያለ ነው፤ ቅርፊቱም በቀላሉ ይነሳል። ጺም የሌለው ለስላሳ ነው፣ ቶሎ ይፈርሳል። ስለዚህ ውኃውን በደንብ አድርቆ፣ ዱቄት ነስንሶ፣ ዘይቱ በሚገባ ሲግል መጣል፤ የታችኛው ጎን ሳይጠነክር አለመነካካት። ለሰያዲያም ለብቻው ጠብሶ መጨረሻ ላይ ሩዙ ላይ ማድረግ ነው። በረዶ ሆኖ ከመጣ ፍሪጅ ውስጥ ይሟሟ፤ በሪያድ በጋ ጠረጴዛ ላይ መተው ማበላሸት ነው።

ሹፌሩ ገና ገበያ ሳለ ፎቶ በዋትሳፕ ቢልክና ማዳም አይታ «እሱ ነው» ብትል ደግሞ ጭቅጭቁ ከመነሻው ይቀራል።