ዕድገት የተነፈገ ሠራተኛ ወዴት ይሄዳል?

የወልቂጤ ዩኒቨርሲቲ የአስተዳደር ሠራተኛና የጉራጌ ዞን መምሪያ ባለሙያ ጎረቤታሞች ሊሆኑ ይችላሉ፤ የደረጃ ዕድገት ሲነፈጉ ግን መንገዳቸው ይለያያል። ዩኒቨርሲቲው የፌዴራል ተቋም በመሆኑ ሠራተኛው በፌዴራሉ አዋጅ ይዳኛል። የዞኑ ባለሙያም ሆነ የቡታጅራ ሆስፒታል ነርስ የሚተዳደሩት በክልል ሕግ ነው። ልዩነቱን የፈጠረው የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 52 ነው፤ ክልሎች የራሳቸውን የሠራተኛ አስተዳደር ሕግ እንዲያወጡ ይፈቅዳል፣ የትምህርት፣ የሥልጠናና የልምድ መመዘኛዎቻቸው ግን ከአገር አቀፉ ጋር እንዲቀራረቡ ያዛል። ስለዚህ አቤቱታ ከመጻፍ በፊት «ቀጣሪዬ ማን ነው?» ብሎ መጠየቅ ይገባል። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ለሁለቱም አይሠራም።

በፌዴራል ደረጃ የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 515/1999 በ1064/2010፣ እሱም በ1353/2017 ተተክቷል። የጉራጌ ሠራተኞች ከዚህ ሌላ የመዋቅር ለውጥም ገጥሟቸዋል። በ2015 የማዕከላዊ ኢትዮጵያ ክልል ሲመሠረት ቡታጅራ የምሥራቅ ጉራጌ ዞን መቀመጫ ሆነች። በእንዲህ ያለ ጊዜ ድልድል ይመጣል፣ ማኅደር ከቢሮ ቢሮ ይዞራል። ከማኅደሩ አንድ የልምድ ማስረጃ ቢጎድል የውድድር ነጥብ ይጎድላል።

የመጀመሪያው በር የመሥሪያ ቤቱ ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ ነው። ብዙ ሰው ይንቀዋል፤ «ተከሳሹም ዳኛውም እነሱ ናቸው» ይላል። ስሜቱ ይገባኛል። ሆኖም ይህን በር የዘለለ አቤቱታ ላይኛው አካል ዘንድ «መጀመሪያ እዚያ ጨርስ» ተብሎ ሊመለስ ይችላል፤ የማቅረቢያ ቀኑም እስከዚያ ያልፋል። ቀጥሎ ያለው የሲቪል ሰርቪሱ ተቆጣጣሪ አካል ነው። ማስታወቂያ ሳይወጣ ወይም መመዘኛውን ለማያሟላ ሰው ለተሰጠ ዕድገት፣ በእኔ እይታ፣ ከክርክር ይልቅ የዚህ አካል ምርመራ ይቀላል፤ ጥፋቱ ከሰነዱ ላይ ይነበባልና።

የፌዴራሉ የአስተዳደር ፍርድ ቤት ብዙዎች እንደሚያስቡት ለማንኛውም ቅሬታ ክፍት አይደለም። ሥልጣኑ በአዋጅ ተዘርዝሯል፤ የታወቁት ጉዳዮች ከሥራ መሰናበት፣ ከባድ የዲሲፕሊን ቅጣትና ሕገወጥ የደመወዝ ቅነሳ ናቸው። የዕድገት ጥያቄ የያዘ ሰው አዲስ አበባ ድረስ ከመሄዱ በፊት ዝርዝሩን ማንበብ አለበት። ለፌዴራል ተቋማት የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ተጨማሪ መንገድ ከፍቷል፤ የአስተዳደር ውሳኔ በመደበኛ ፍርድ ቤት እንዲከለስ ይፈቅዳል። የዞንና የወረዳ ሠራተኛን ግን አይመለከትም፤ እዚህ ላይ ጎረቤታሞቹ ክፉኛ ይለያያሉ። ለዞኑ ሠራተኛ የሚቀረው የክልሉ ሕግና ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት ወይም የዳኝነት ሥልጣን ላለው አካል የማቅረብ መብት እንዳለው የሚደነግገው የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ነው። የሕዝብ እንባ ጠባቂም አስተዳደራዊ በደልን ይመረምራል፤ የሚሰጠው ግን የመፍትሔ ሐሳብ እንጂ ፍርድ አይደለም።

ሴቶች ብዙም የማይጠቀሙበት ድንጋጌ አለ። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 35 በቅጥርና በክፍያ ብቻ ሳይሆን በሥራ ዕድገትም እኩልነታቸውን በስም ጠቅሶ ያስቀምጣል። በወሊድ ፈቃድ ላይ በነበረችበት ጊዜ ምዘናዋ ዝቅ ተደርጎ ከውድድር የወጣች ሠራተኛ ይህን አንቀጽ በማመልከቻዋ መጀመሪያ ላይ ብታሰፍር እመኛለሁ።

አቤቱታን የሚያቆመው ወረቀት ነው። ማስታወቂያው ከሰሌዳው ሳይነሳ በስልክ ፎቶ ማንሳት፣ የምዘና ውጤት ሲሰጥ ካልተስማሙ ቅሬታን ያኔውኑ በጽሑፍ ማስገባት፣ ውጤቱን ከነነጥብ ዝርዝሩ በደብዳቤ መጠየቅ። የእርከን ጭማሪንና የደረጃ ዕድገትን መለየትም ያስፈልጋል፤ «ደመወዜ አልጨመረም» የሚል ማመልከቻ «ባለፍኩበት ውድድር ያለአግባብ ተዘለልኩ» የሚለውን አይተካም። ማመልከቻው በሁለት ቅጂ ይታተም፤ አንዱ መዝገብ ቤት ይቅር፣ ሌላው የገቢ ቁጥር፣ ቀንና ማኅተም አርፎበት በባለቤቱ እጅ ይመለስ።