«ቶሎ ይወሰን» የሚለው ትዕዛዝ ማንን ይጠቅማል?

ህንድ ውስጥ በደረቅ ቼክ የተታለለ ነጋዴ ክሱን የሚያቀርበው ለማጅስትሬት ነው፤ በወንጀል ችሎት የመጀመሪያው እርከን ላይ ለተቀመጠ ዳኛ። እንዲህ ያለው ክስ በቀረበ በ6 ወር ውስጥ እንዲያልቅ ጥረት ይደረግ ይላል ሕጉ። መዝገቡን ለገለጠ ሰው ግን የሚታየው ሌላ ነው፦ ተከሳሽ አልቀረበም፤ መጥሪያው ሳይደርስ ተመለሰ፤ የተከሳሽ ጠበቃ ታመዋል፤ ዳኛው ፈቃድ ላይ ናቸው፤ ተለዋጭ ቀጠሮ ተሰጠ። ሦስት አራት ዓመት እንዲሁ ያልፋል።

ነጋዴው መጀመሪያ እዚያው ችሎት ቀጠሮው እንዲያጥርለት ያመለክታል። ሰሚ ካጣ ወደ ግዛቱ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይሄዳል። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 227 ከፍተኛ ፍርድ ቤቶች የበታች ፍርድ ቤቶችን እንዲቆጣጠሩ ሥልጣን ይሰጣል፤ የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕጉ ደግሞ ማጅስትሬቶች ጉዳዮችን በፍጥነትና በአግባቡ መጨረሳቸውን የመከታተል ግዴታ ጥሎባቸዋል። ይህ ይግባኝ አይደለም። ቼኩን ማን እንደጻፈ፣ ገንዘቡ ይከፈል አይከፈል እዚያ አይነሳም። የሚጠየቀው መዝገቡ ለምን እንደቆመ ብቻ ነው። ከፍተኛው ፍርድ ቤት አንዳንዴ ከማጅስትሬቱ ሪፖርት ያስቀርባል። ከዚያ አጠር ባለ ትዕዛዝ የጊዜ ገደብ ይቆርጣል፤ ግልባጩ በደረሰ በዚህን ያህል ወር ውስጥ ይወሰን ይላል። አመልካቹም ግልባጩን ይዞ ወደ ማጅስትሬቱ ይመለሳል።

የዚህ ሁሉ መነሻ እ.ኤ.አ. በ1979 የተሰጠው የሁሴናራ ኻቱን ውሳኔ ነው። በቢሃር እስር ቤቶች፣ ጥፋተኛ ቢባሉ ከሚቀጡት በላይ ፍርድ ሲጠብቁ የታሰሩ ሰዎች ተገኙ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም የተፋጠነ ፍርድ የማግኘት መብት በአንቀጽ 21 የተረጋገጠው የሕይወትና የነፃነት መብት አካል ነው አለ። የተፋጠነ ማለት ስንት ዓመት ነው? በ1990ዎቹ ቁጥር ለመቁረጥ የሞከሩ ውሳኔዎች ነበሩ። በ2002 ግን ሰባት ዳኞች የተሰየሙበት ችሎት ሻራቸው፤ እያንዳንዱ ጉዳይ በራሱ ይመዘናል ተባለ።

ችግሩ ሌላ ቦታ ነው። በሥር ፍርድ ቤቶች ከ40 ሚሊዮን በላይ መዝገብ ተከምሯል። የማጅስትሬቱ ቀን ግን ያው አንድ ቀን ነው። ከበላይ ትዕዛዝ የመጣለት መዝገብ ወደፊት ሲገባ፣ ከእሱ በፊት የተከፈተ ሌላ መዝገብ ወደ ኋላ ይገፋል። ያ ሌላው ባለጉዳይ ምናልባት ከፍተኛ ፍርድ ቤት ድረስ ጠበቃ የሚያቆምበት ገንዘብ ያጣ፣ ቀለብ የምትጠይቅ እናት ልትሆን ትችላለች። በየካቲት 2024 አምስት የጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኞች ይህንኑ አንስተው፣ የበላይ ፍርድ ቤቶች ከልዩ ሁኔታ በቀር ለሌላ ፍርድ ቤት የጊዜ ገደብ ከመቁረጥ እንዲቆጠቡ ወሰኑ። ምክንያታቸው ያሳምነኛል፤ የታክሲ ሰልፍ ላይ ከፊት የሚገባው ሁልጊዜ የቸኮለው ሰው አይደለምና። ግን ደግሞ መንገዱ ጨርሶ ቢዘጋ፣ ሆን ብሎ ለሚያጓትት ተከሳሽ ድግስ ነው።

በ2024 አጋማሽ ሥራ ላይ የዋለው አዲሱ የሥነ ሥርዓት ሕግ የማጓተቱን በር ለማጥበብ ሞክሯል፤ ከአቅም በላይ በሆነ ምክንያት እንኳ አንድ ወገን የሚያገኘው ተለዋጭ ቀጠሮ ከሁለት እንዳይበልጥ ደንግጓል። ለታሰሩትም የዋስትናውን መንገድ አስፍቷል፦ ከዚህ በፊት ተፈርዶበት የማያውቅ ሰው፣ ለተከሰሰበት ወንጀል ከተደነገገው ከፍተኛ ቅጣት ሲሶውን ፍርድ ሲጠብቅ ከታሰረ በዋስ ይለቀቃል። ሞት ወይም ዕድሜ ልክ በሚያስቀጣ ወንጀል የተከሰሰ ግን በዚህ አይጠቀምም፤ ሌሎች ክሶች ያሉበትም እንዲሁ።

እንግዲህ ዛሬ ከፍተኛ ፍርድ ቤት የሚያመለክት ሰው «ዘገየብኝ» ቢል አይበቃውም። መዝገቡ የተቀጠረበትን ቀን ሁሉ፣ በየቀኑም በማን ጠያቂነትና በምን ምክንያት እንደተቀጠረ ዘርዝሮ ማሳየት ይጠበቅበታል። ከዝርዝሩ ግማሹ የራሱ ጠበቃ የጠየቀው ቀጠሮ ሆኖ ከተገኘ፣ ዳኞቹ የሚያነሱት የመጀመሪያ ጥያቄ እሱን ነው።