ብርድ የማይከላከለው የፀሐይ ጉዳት፦ በከፍታና በበረዶ ላይ ዓይንንና ቆዳን መጠበቅ

ከ4 ሺህ 500 ሜትር በላይ ከፍታ ያለው ራስ ደጀን በሚገኝበት የሰሜን ተራሮች አካባቢ ማለዳ ውርጭ ይጥላል፤ አልፎ አልፎም የተራሮቹ አናት በበረዶ ነጥቶ ይታያል። በዚህ ብርድ ከብት የሚጠብቅ እረኛ፣ ገብስ የሚያጭድ አርሶ አደርም ሆነ እንግዳ የሚመራ አስጎብኚ ፀሐይ ትጎዳኛለች ብሎ ላያስብ ይችላል። ዓይንንና ቆዳን የሚያቃጥለው ግን የፀሐይ ሙቀት ሳይሆን የማይታየው አልትራቫዮሌት ጨረር በመሆኑ፣ ቀዝቃዛ አየር መከላከያ አይሆንም።

ከፍታ በ1 ሺህ ሜትር በጨመረ ቁጥር ጨረሩን የሚያጣራው አየር ስለሚሳሳ፣ የጨረሩ መጠን 10 በመቶ ገደማ ይጨምራል። በረዶ ሲታከልበት ጉዳቱ ይበረታል። ሣርና አፈር ካረፈባቸው ጨረር የሚመልሱት ከ10 በመቶ በታች ሲሆን፣ አዲስ የወረደ በረዶ እስከ 80 በመቶ ይመልሳል። ስለዚህ ባርኔጣ ብቻውን በቂ አይደለም፤ ከታች የሚመለሰው ጨረር አገጭን፣ የአፍንጫን ሥርና ዓይንን ያገኛል። ስስ ደመናም አብዛኛውን ጨረር ያሳልፋል።

በዓይን ላይ ቀድሞ የሚጎዳው የዓይን ብሌን ነው። ሕመሙ ወዲያው አይሰማም፤ ብዙ ጊዜ ከ6 እስከ 12 ሰዓት ከቆየ በኋላ ዓይን አሸዋ የገባበት ያህል ይቆረቁራል፣ ያነባል፣ ብርሃን ይፈራል፤ ዕይታም ይደበዝዛል። የተጎዳ ሰው ዓይኑን ማሸት የለበትም። ጨለም ባለ ቤት ማረፍና በንጹሕ ቀዝቃዛ ውኃ የራሰ ጨርቅ በተጨፈነው ዓይን ላይ ማድረግ ሕመሙን ያስታግሳል። አብዛኛውን ጊዜ ከ1 እስከ 3 ቀን ባለው ጊዜ ይሻላል፤ ሕመሙ ከጸና ወይም ዕይታ ካልተመለሰ ግን ወደ ጤና ተቋም መሄድ ይገባል። ለዓመታት የተደጋገመ ተጋላጭነት ለዓይን ሞራ ግርዶሽም ያጋልጣል።

መነጽር ሲገዛ የመስታወቱ ጥቁረት ዋስትና አይደለም። ጨረሩን የማያግድ ጥቁር መነጽር ብርሃን የሚገባበትን የዓይን ቀዳዳ ስለሚያሰፋ ጉዳቱን ሊያብስ ይችላል። ከ99 እስከ 100 በመቶ የሚሆነውን ጨረር የሚያግድና ጎኑ የተሸፈነ መነጽር ተመራጭ ነው። የአርክቲክ ነዋሪዎች የሆኑት ኢኑይቶች ከአጥንትና ከእንጨት በተጠረበ፣ ቀጭን ክፍተት ብቻ ባለው መሸፈኛ ዓይናቸውን ሲጠብቁ ኖረዋል።

ጥቁር ቆዳ የተሻለ የተፈጥሮ መከላከያ ቢኖረውም ዓይንን አያድንም። አልቢኒዝም ያለባቸው ሰዎች ደግሞ ለሁለቱም ጉዳት እጅግ የተጋለጡ ናቸው። የመከላከል አቅሙ 30 እና ከዚያ በላይ የሆነ የፀሐይ መከላከያ ቅባት በየ2 ሰዓቱ መቀባት፣ ከንፈርንና ጆሮንም አለመርሳት ይመከራል። ቅባት በማይገኝበት አካባቢ ሰፊ ባርኔጣ ማድረግ፣ ፊትንና አንገትን በሻሽ ወይም በነጠላ መሸፈን፣ የሚቻለውንም ሥራ ከረፋዱ 4 ሰዓት በፊት ወይም ከቀኑ 10 ሰዓት በኋላ ማከናወን ጉዳቱን ይቀንሳል።