እሳት አክባሪዎቹ መናፍቃንና የፈጠሩት ጥንታዊ ዓለም

እስከ 1979 ዓ.ም. አብዮት ድረስ በኢራን ንጉሣዊ ጦር ሠራዊት አንድ ጄኔራል በማዕርጉ ሲጠራ «ቲምሳር» ይባል ነበር። በእኛ አነጋገር «ክቡር» እንደ ማለት ነው። ቃሉ ለሰሚው ዐረብኛ ያልነካው፣ ከጥንት ነገሥታት ዘመን የወረደ ንጹሕ ፋርስኛ ይመስላል። ነገር ግን የጥንት ፋርሶች ይህን ቃል ከቶ አያውቁትም። የተገኘው እሳትንና ብርሃንን ከሚያከብር፣ በገዛ ወገኖቹ ሃይማኖት ሚዛን መናፍቅ ከሚባል አንድ የምሥጢር ማኅበር መጽሐፍ ነው። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የፋርስ ሰዎች እስልምና ከመምጣቱ አስቀድሞ የዞሮአስተርን ሃይማኖት ይከተሉ ነበር። ሌሎች ሕዝቦች «እሳት አምላኪዎች» ይሏቸዋል፤ ስሙ ግን በትክክል አይገልጻቸውም። የሚያመልኩት አሁራ ማዝዳ የሚሉትን አንድ ፈጣሪ ሲሆን፣ እሳት ፊታቸውን አዙረው የሚጸልዩበት የንጽሕና ምልክት ነው። በ7ኛው ምዕተ ዓመት ዐረቦች ፋርስን ድል ካደረጉ በኋላ አብዛኛው ሕዝብ ቀስ በቀስ ሰለመ። የቀሩት ጥቂቶች ከፊሎቹ በያዝድና በኬርማን አካባቢ ሲጸኑ፣ ከፊሎቹ ወደ ሕንድ ተሰደው ፓርሲ ተባሉ።

በ16ኛው ምዕተ ዓመት ከነዚሁ ወገኖች መካከል አዛር ኬይቫን የሚባል ባሕታዊ ተነሣ። «አዛር» ማለት እሳት ነው። ይህ ሰው ከፋርስ ወጥቶ በሕንድ አገር ፓትና በተባለች ከተማ ተቀመጠ። ዘመኑ ንጉሠ ነገሥት አክባር የልዩ ልዩ ሃይማኖት ሊቃውንትን በቤተ መንግሥቱ ሰብስቦ የሚያከራክርበት ዘመን ነበረና ለእንዲህ ያለ እንግዳ ትምህርት የተመቸ ነበር።

የማኅበሩ ሰዎች ኑሮ ጥብቅ ነው። ምግብና እንቅልፍ ይቀንሳሉ፤ ትንፋሻቸውን እየገቱ በጽሞና ይቀመጣሉ፤ ሥጋ አይበሉም፤ እንስሳ መግደልንም ኀጢአት ይሉታል። ፈጣሪን የብርሃናት ሁሉ ብርሃን፣ ከዋክብትንና እሳትን የእርሱ ነጸብራቅ አድርገው ያያሉ። ይህን ሐሳብ በብዙው የወረሱት በ1191 በአሌፖ በሞት ከተቀጣው ከፈላስፋው ሱህራዋርዲ ነው። ከዚህም አልፈው ነፍስ ከአንዱ አካል ወደ ሌላው ትተላለፋለች ብለው አስተማሩ። የዞሮአስተር ሃይማኖት ግን የሙታንን ትንሣኤ እንጂ የነፍስን ዝውውር አይቀበልም፤ ጾምንና ምናኔንም አይወድም። መናፍቃን የሚያሰኛቸው ይኸው ነው።

ከማኅበሩ ወጡ ከሚባሉት መጻሕፍት ሁሉ እጅግ የሚያስደንቀው «ዳሳቲር» ነው። መጽሐፉ ከዞሮአስተር አስቀድሞ ማሃባድ የሚባል ነቢይ እንደ ነበረ፣ ከእርሱም የነገሥታትና የነቢያት ዘር ለቍጥር በሚያታክት ዘመን ምድርን እንደ ገዛ ይተርካል። ቃሉ የተጻፈው ማንም ሰምቶት በማያውቅ ቋንቋ ነው። ከሥሩም አንዲት የዐረብኛ ቃል እንዳትገባበት ተጠንቅቀው የጻፉት የፋርስኛ ትርጓሜ አለ። ዓለሙም፣ ቋንቋውም፣ ነቢያቱም ፈጠራ ነበሩ።

ፈጠራው ግን በማኅበሩ ውስጥ ተወስኖ አልቀረም። በ1652 ገደማ በሕንድ አገር የተዘጋጀው «ቡርሃነ ቃቴ» የተባለው ታላቅ የፋርስኛ መዝገበ ቃላት የዳሳቲርን ቃላት እንደ እውነተኛ ቃል አስገባቸው። በ17ኛው ምዕተ ዓመት ስለ ሃይማኖቶች የተጻፈው «ዳቢስታን» ደግሞ የማሃባድን ታሪክ አስፋፋ። በካልካታ ዳኛ የነበረው እንግሊዛዊው ሊቅ ዊልያም ጆንስ ይህን አንብቦ፣ በ1789 በሊቃውንት ጉባኤ ፊት፣ እነሆ የማይታወቅ ጥንታዊ የፋርስ መንግሥት ተገኘ ብሎ ተናገረ። የዳሳቲርን ጽሑፍ በኢስፋሃን ያገኘው ሙላ ካውስ የሚባል የፓርሲ ካህን ነበር፤ በ1818 ልጁ ሙላ ፊሩዝ በቦምቤይ አሳተመው።

መታተሙ አጋለጠው። በቦምቤይ ዊልያም ኧርስኪን፣ በፓሪስም ሲልቬስትር ደ ሳሲ መጽሐፉን መረመሩት። ቃላቱ ባዕድ ቢሆኑም የሰዋስው አካሄዱ የኋለኛው ዘመን ፋርስኛ ነበር። እውነተኛ ጥንታዊ ቋንቋ ቢሆን ኖሮ የራሱ አገባብ በኖረው፤ በድንጋይ ወይም በብራና ላይም አንዳች ዱካ በተወ ነበር። በኢራንም በ20ኛው ምዕተ ዓመት ኢብራሂም ፑርዳቩድ የዳሳቲር ቃላት ሐሰተኞች መሆናቸውን አጥብቆ ጻፈ። ቢሆንም «ቲምሳር» በጄኔራሎቹ ስም ፊት እንደ ተቀመጠ ቀረ።

ታዲያ እነዚህን ሰዎች አታላዮች ብሎ መዝጋት ይበቃልን? አይበቃም። ዳቢስታን ከአዛር ኬይቫን ተከታዮች መካከል እስላሞችና ሂንዱዎች ሳይቀሩ እንደ ነበሩ ይተርካል፤ ወደ እነርሱ የመጣ ሁሉ ሃይማኖቱን እንዲተው አይገደድም ነበር። በሃይማኖት ስም ደም በሚፈስበት ዘመን ይህ ትልቅ ነገር ነው። የተሸነፈ ሕዝብ ልጆች እንደ መሆናቸውም፣ የተናቀውን የአባቶቻቸውን ስም ከሁሉ በፊት የነበረ ለማድረግ መመኘታቸው ይገባናል። ግን እውነተኛው የፋርስ ታሪክ የቂሮስንና የዳርዮስን ስም የያዘ፣ ድጋፍ የማያሻው ታሪክ ነበር።

የሚወቀሱት ይልቁን ሳይመረምሩ የገለበጡት ናቸው። የመዝገበ ቃላቱ አዘጋጅ ከዳሳቲር ወሰደ፤ ሌላው ከመዝገበ ቃላቱ ወሰደ፤ በመጨረሻም ማሕተም ያለው መሥሪያ ቤት ተቀበለው። ከመጽሐፍ ጋር የሚውል ተማሪም፣ ከመዝገብ ጋር የሚውል ጸሐፊም «ይህ ከየት መጣ?» ብሎ መጠየቅን ሥራው ሊያደርግ ይገባል። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል፤ በዳሳቲር ላይ ግን ንጋቱን ለማየት ከመቶ ስድሳ ዓመት በላይ ፈጀ።