ታላቁ የሮሻር ዐውሎ

የቀደሙት ሊቃውንቶቻችን ስለ ሥነ ፍጥረት ሲያስተምሩ፣ መሬት፣ ውኃ፣ ነፋስና እሳት የተባሉት አራቱ ባሕርያት እርስ በርሱ የሚቃረን ጠባይ ይዘው ሳለ በፈጣሪ ጥበብ ተስማምተው መኖራቸውን ያደንቃሉ። አሜሪካዊው ደራሲ ብራንደን ሳንደርሰን እ.ኤ.አ. በ2010 ባሳተመውና «የነገሥታት መንገድ» በተባለው ልቦለዱ፣ ሮሻር ብሎ በሰየመው ዓለም ላይ ያሠለጠነው ታላቅ ዐውሎ፣ እነዚህን አራቱን በአንድ ጊዜ ጭኖ የሚመጣ መቅሠፍት ነው፤ የሰው ሐሳብ የወለደው ቢሆንም ሕግና ሥርዓት ስላለው፣ በእኔ አስተያየት እንደ እውነተኛ ፍጥረት ተመርምሮ ሊታወቅ ይገባዋል።

ዐውሎው የሚነሣው በምሥራቅ ካለው ውቅያኖስ ሲሆን፣ በየጥቂት ቀኑ አህጉሩን ጠርጎ ወደ ምዕራብ ያልፋል። ከፊቱ «የዐውሎው ግድግዳ» የሚባለው ይቀድማል፤ ይኸውም ነፋሱ ውኃውን፣ ከየብስም የነቀለውን ድንጋይና ግንድ በአንድነት ጠቅልሎ እንደ ቅጥር አቁሞ የሚገፋው ነው። ነጐድጓዱና መብረቁ ይከተላል፤ በመጨረሻም ቍጣው በርዶ ጸጥ ያለ ዝናም ብቻ ይቀራል። ኃይሉ በምሥራቁ ጠረፍ እጅግ የበረታ ሆኖ፣ ወደ ምዕራብ በሄደ መጠን ይደክማል። የሚመጣበትን ቀን አስልተው የሚናገሩ ባለሙያዎች አሉ፤ ነገር ግን በምሥራቁ መንግሥታት ሃይማኖት መጪውን ጊዜ መመርመር እንደ ኃጢአት የሚቈጠር ስለ ሆነ፣ ሕዝቡ ስሌታቸውን እየፈለገ ሰዎቹን ግን በጥርጣሬ ዐይን ይመለከታቸዋል።

ከሁሉ የሚያስደንቀኝ ከዝናሙ ጋር የሚወርደው አፈር ነው። ክረም የሚባለው ይህ ጭቃ መሰል ነገር በዐውሎው ውኃ ተበጥብጦ ይወርድና፣ ውኃው ሲያርፍ ዘቅጦ፣ ሲደርቅም ጠጥሮ ድንጋይ ይሆናል። ስለዚህ የዚያ አገር ሰው የዝናም ውኃ በማጠራቀሚያ ባቈረ ጊዜ ክረሙ እስኪዘቅጥ ሳይጠብቅ አይጠጣም፤ ከጣሪያው ጠርዝ ላይ እየተንጠባጠበ የረጋውንም ድንጋይ በየጊዜው እየፋቀ ካልጣለ፣ ከዘመን ብዛት ቤቱ በድንጋይ ተውጦ ይቀራል። አባይ የደጋችንን አፈር ተሸክሞ ወርዶ ግብፅን እንዳበለጸገ፣ ይህም ዐውሎ በአንድ እጁ ያፈረሰውን በሌላው እጁ ይሠራዋል፤ በሮሻር ግን አፈሩ ከላይ የሚመጣ በመሆኑ፣ ምድርን የሚወልዳት ሰማይ ነው።

በዚህ ዓለም የሚኖር ፍጥረት ሁሉ ጠባዩን ከዐውሎው ተምሯል። ሣሩ ኮቴ በቀረበው ጊዜ ወደ ጕድጓዱ ይሰበሰባል፤ ዛፉ ቅጠሉን ይሸሽጋል፤ እንስሳቱም የሚበዙት ቅርፊት የለበሱ ናቸው። ደራሲው ለዚህ ሥነ ፍጥረት ምሳሌ የሆኑት፣ ማዕበል በሸሸ ጊዜ በባሕር ዳር ዐለት ላይ በሚቀሩት ኩሬዎች ውስጥ የሚኖሩ ፍጥረታት፣ ለዐውሎውም መነሻ የሆነው ጁፒተር በተባለው ፕላኔት ላይ የሚዞረውና ስፋቱ ከምድራችን የሚበልጠው ቀይ ማዕበል መሆኑን ተናግሯል። በስተ ምዕራብ፣ በታላላቅ ተራሮች የተከለለች ሺኖቫር የምትባል አገር አለች፤ ዐውሎው ስለማይደርስባት ለስላሳ አፈር አላት፣ ሕዝቧም ድንጋይን ቅዱስ አድርጎ በእግሩ ከመርገጥ ይጠነቀቃል። ወደዚያ የሄደች አንዲት የነጋዴ ደቀ መዝሙር፣ ብትቀርበውም የማይሸሸውን ሣር አይታ ሞኝ ነው እንዴ ብላ ትገረማለች።

አራተኛው ባሕርይ እሳት ነው፤ እርሱም በብርሃን መልክ ይገለጣል። በብርጭቆ የታሸጉ ጥቃቅን የከበሩ ድንጋዮች የአገሩ ገንዘብ ሲሆኑ፣ በዐውሎው ጊዜ ደጅ ያደሩ እንደ ሆነ በብርሃን ተሞልተው ይነጋላቸዋል፤ ብርሃኑ ግን በጥቂት ቀን ውስጥ እየተነነ ያልቃል። 500 ቀን በሆነው ዓመታቸው ውስጥ «ልቅሶ» የሚሉት ዐውሎ የሌለበት የ4 ሳምንት ካፊያ ስላለ፣ ያን ጊዜ ቤቱ ሁሉ ብርሃን ይቸገራል። ከሰዎችም መካከል ይህን ብርሃን እንደ አየር ስበው ቍስላቸውን የሚፈውሱ አሉ። ድልድይ ተሸክመው ከሠራዊቱ ፊት እንዲሮጡ ከተፈረደባቸው ባሮች አንዱ የሆነው ካላዲን፣ በቅጣት ከሰፈሩ ጣሪያ ላይ በእግሩ ታስሮ ቁልቁል ተዘቅዝቆ ለዐውሎው በተሰጠ ጊዜ፣ ጓደኛው አንዲት ዕንቍ አስጨብጦት ነበር። ነፋሱ ካለፈ በኋላ አካሉ ቈሳስሎ፣ ነፍሱ ግን ሳትወጣ ተገኘ፤ ከእጁ የወደቀችው ዕንቍ፣ ዐውሎውን ያገኘ ሁሉ በብርሃን መሞላት ሲገባው፣ ጨልማ ነበር። ብርሃኗን ሳያውቀው ጠጥቶት ኖሯል።

እ.ኤ.አ. በ2014 በወጣው ሁለተኛው መጽሐፍ ፍጻሜ ላይ ሌላ ዐውሎ ይነሣል፤ ይህኛው የሚመጣው ከምዕራብ ነው፣ መብረቁ ቀይ ነው፣ ዕንቍንም በዚያ ብርሃን አይሞላም። ከጥንት ጀምሮ የሮሻር ሰው ለምሥራቅ ጀርባውን ሰጥቶ በርና መስኮቱን ወደ ምዕራብ ሲከፍት የኖረ ስለ ሆነ፣ በዚያ ቀን ከተማው ሁሉ በበሩ በኩል ተመታ።