የእኩል እርሻ ጠብና ሽማግሌዎቹ

በሰሜንና በመካከለኛው የኢትዮጵያ ደጋ አንዱ መሬቱን፣ ሌላው ጥማድ በሬውንና ጉልበቱን አቅርበው ምርቱን አውድማ ላይ የሚካፈሉበት ውል እንደየአካባቢው የእኩል፣ የሲሶ ወይም መጋዞ ይባላል። ውሉ አብዛኛውን ጊዜ በቃል ብቻ ስለሚታሰር ጠቡም ከዚያው ይጀምራል። አራሹ ደጋግሞ ማረስ የነበረበትን የጤፍ ማሳ ለይስሙላ ገለባብጦ ዘርቶበታል ይባላል። የማዳበሪያው ዕዳ ከክፍፍሉ በፊት ይነሳ ወይስ አራሹ ብቻውን ይቻለው? ጭዱስ የማን ነው? (ጭድ ቀላል ነገር የሚመስለው በሬ ቀልቦ ለማያውቅ ነው።) ከሁሉ የሚከፋው ግን ለዓመታት ሲያርስ የኖረው ሰው አንድ ቀን ማሳው የኔ ነው ብሎ ሲነሳ ነው። በእኔ እይታ የምርት ክፍፍልን ጠብ በመፍታት ሽማግሌን የሚተካከል ዳኛ የለም፤ ጠቡ ወደ ይዞታ ከዞረ ግን ከጀርባው መዝገብ ካልቆመለት ሽማግሌ ደካማውን ወገን ማዳን አይችልም።

ደካማው ማን እንደሆነ ታዲያ ቀድሞ መታየት አለበት። ባለመሬትና አራሽ ሲባል ብዙዎቻችን የምናስበው ጭሰኛውን ነው፤ ያለምክንያትም አይደለም። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ እንኳ ባለመሬቱ እስከ ምርቱ ሦስት አራተኛ ድረስ እንዲወስድ ይፈቅድ ነበር። ያን ሥርዓት ያፈረሰው የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የታወጀው አዋጅ ቁጥር 31 ነው። አዋጁ መሬትን በቅጥር ጉልበት ማሳረስንም ሲከለክል፣ ሌላ መተዳደሪያ ለሌላት ሴት፣ እንዲሁም ባለይዞታው ሲሞት፣ ሲታመም ወይም ሲያረጅ ለትዳር ጓደኛውና አካለ መጠን ላልደረሱ ልጆቹ ክልከላውን አንስቶላቸዋል። ዛሬ መሬታቸውን ለእኩል ከሚሰጡት ብዙዎቹ እነዚሁ ናቸው፤ በሬ የሌላቸው፣ ያረጁ፣ ባል የሞተባቸው ወይም የፈቱ ሴቶች። በልማዱ ሴት ሞፈር ስለማትጨብጥ ለብቻዋ የቀረች ሴት ምርጫዋ ጠባብ ነው። አራሹ በአንጻሩ በሬም ጎልማሳ ልጆችም ያሉት ጎረቤት ሊሆን ይችላል። ስታይን ሆልደንና ምንተዋብ በዛብህ በአማራ ክልል ላይ ያደረጉትና እ.ኤ.አ. በ2008 የታተመው ጥናት፣ ሴቶች ለእኩል የሚሰጡት ማሳ ወንዶች ከሚሰጡት ያነሰ ምርት እንደሚያስገኝ አሳይቷል። ከምክንያቶቹ አንዱ አራሾቹ የባል ዘመዶች እየሆኑ ሴቶቹ ሊያስለቅቋቸው መቸገራቸው ነው።

ሽምግልናው የሚሠራው እንዲህ ነው። ሁለቱ ወገኖች የየራሳቸውን ሽማግሌ ይመርጣሉ፤ ለሚሰጠው ፍርድም ዋስ ይጠራሉ። ሽማግሌዎቹ አዋሳኝ ማሳ ያላቸውን ሰዎች ይጠይቃሉ፤ ጎረቤቱ በዚያው ዓመት ስንት ኩንታል እንዳገባ አይተው የጎደለውን ይገምታሉ። ሕጉም ይህን መንገድ ያውቀዋል። በ2016 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 1324 እስኪተካ ድረስ ይሠራበት የነበረው አዋጅ ቁጥር 456/1997 የይዞታ ክርክር በቅድሚያ በውይይትና በስምምነት፣ ካልሆነም ተከራካሪዎቹ በሚመርጧቸው ሽማግሌዎች ወይም በክልሉ ሕግ እንዲታይ አዝዞ ነበር።

ለምን ቀጥታ ወረዳ ፍርድ ቤት አይኬድም የሚል ይኖራል። እህሉ ቀጠሮ አይጠብቅም። ማሳውም ቀጣዩ ክረምት ሳይገባ አራሹ ሊታወቅ ይገባል፤ ደግሞስ ውሉ በቃል ከሆነ ፍርድ ቤቱ የሚሰማቸው ሽማግሌዎቹ አስቀድመው የሰሟቸውን ምስክሮች አይደል? ሌላው ተቃውሞ ይበልጥ ከባድ ነው። ሽማግሌዎቹ በአመዛኙ ወንዶች ናቸው፤ ከአራሹ ጋር በዝምድና፣ በማኅበር ወይም በወንፈል የተሳሰሩም አይጠፉም። እርቅ ሲሉም ሁለቱም እኩል እንዲተዉ ይጠይቃሉ። በጤፍ ክፍፍል ላይ ይህ ብልህነት ነው፤ መሬቱ በሙሉ የሷ የሆነን ሴት ግማሹን ልቀቂ ማለት ግን ፍርድ ሊባል አይችልም። በትግራይ በ1990፣ በአማራ በ1995 ገደማ የተጀመረው የይዞታ ምዝገባ ዋጋው እዚህ ላይ ነው። በአማራ ክልል በይዞታ ደብተሩ ላይ የባልም የሚስትም ስምና ፎቶግራፍ ስላለ፣ መሬቱ የማን ነው የሚለው ጥያቄ ወደ ድርድር ከመግባቱ በፊት መልስ ሊያገኝ ይችላል። የቀረው የውሉ ዘመንና ድርሻ ነው፤ እሱም በቀበሌው የመሬት አስተዳደር ጽሕፈት ቤት ይመዝገብ።

በዘመድ መካከል ወረቀት መጻፍ እምነት ማጣት ይመስላል የሚሉ አሉ። ባለይዞታዎቹም ቢሆኑ በ1989 ዓ.ም. በአማራ ክልል የተካሄደውን የመሬት ሽግሽግ ያዩ ናቸው፤ መሬቴን ለሌላ እንደሰጠሁ ከተጻፈ ነገ ተነጥቄ ለአራሹ ይሰጥብኛል ብለው መፍራታቸው አይፈረድባቸውም። ይሁን እንጂ አራሹን ከተጻፈ ውል በላይ የሚጠቅመው በቃል ያለው ውል ነው፤ ማንነቱ ያልተጻፈ አራሽ ከዓመታት በኋላ የገባበትን መንገድ እንደፈለገ ሊያወራው ይችላል። አራሹም ሁልጊዜ ጉልበተኛ አይደለም። ሽግሽጉ ካለፈ በኋላ ያደጉ መሬት አልባ ወጣቶች በተበደሩት በሬ የሰው ማሳ ያርሳሉ፤ በቀጣዩ ዓመት ሊቀማ በሚችል መሬት ላይ ፍግ የሚበትን፣ እርከን የሚሠራ ደግሞ ከመካከላቸው ጥቂቱ ነው። ሦስትና አራት ዓመት የሚዘልቅ የተመዘገበ ውል ቢኖር መበለቲቱ መሬቷን፣ ወጣቱ ድካሙን ማስከበር ይችሉ ነበር። ሽማግሌዎቹ የሚጠሩት ግን ውሉ ሲታሰር ሳይሆን እህሉ ከተወቃ በኋላ ነው።